መሬት ላይ ስለሚበርሩ ስልኮች

የእጅ ስልክ ከውጭው ዓለም ጋር የሚነጋገርባቸውን የሬዲዮ መሣሪያዎች፣ ማለትም የሲም ካርዱን ኔትወርክ፣ ዋይፋዩንና ብሉቱዙን፣ በአንድ ንክኪ ጸጥ የሚያሰኘው አሠራር ኤርፕሌን ሞድ፣ በሌላ አጠራሩም ፍላይት ሞድ፣ ይባላል። አሠራሩ የተበጀው ለአየር መንገደኛ ቢሆንም፣ በኢትዮጵያ ከተገልጋዮቹ ብዙዎቹ የቦሌን አየር ማረፊያ የሚያውቁት ዘመድ ሊሸኙ ሄደው በር ላይ ሲቀሩ ብቻ ነው፤ ይሁን እንጂ ስልካቸው በሳምንት ውስጥ የሚያደርገው በረራ የአንድን ካፒቴን የሥራ ሰዓት የሚያስንቅ ነው። ፈተና የተቀመጠ ተማሪ፣ ቅዳሴ የገባ ምእመን፣ መብራት ጠፍቶበት የቀረችውን ባትሪ የሚቆጥብ፣ ቻርጅ ቶሎ እንዲሞላለት የሚፈልግ፣ ዕቁብ ሳይጥል ቀኑ ያለፈበትና ከዕቁቡ ዳኛ ጋር መነጋገር ያልፈለገ አባል፣ እንዲሁም ኢንተርኔቱ ተንቀራፍፎበት «ኤርፕሌን ሞድ አብራና መልሰህ አጥፋው» ተብሎ የተመከረ ሰው ሁሉ ከመቀመጫው ሳይነሣ ይበርራል። ከእነዚህ መካከል የመጨረሻው ሰው በቂ ሳይንሳዊ መሠረት ያለው ሲሆን፣ ስልኩ ሬዲዮውን ዘግቶ ሲከፍት ከኔትወርኩ ጋር ያለውን ምዝገባ እንደ አዲስ ስለሚጀምር ምክሩ ብዙ ጊዜ ይሠራል፤ መካሪው ግን ለምን እንደሚሠራ ቢጠየቅ በአብዛኛው የሚመልሰው «ብቻ ይሠራል» ብሎ ነው።

ስልኩ በእንዲህ ያለ በረራ ላይ ሳለ የተላከለት መልእክት የት እንደሚሄድ በሕዝብ ዘንድ ሁለት እምነቶች አሉ። አንደኛው ወገን መልእክቱ አየር ላይ ተበትኖ ይቀራል ይላል፤ ይህ እምነት መልስ ሳይሰጡ በቀሩ ሰዎች ዘንድ የጸና ነው። ሁለተኛው ወገን ደግሞ ስልኩ መልእክቱን በስውር ተቀብሎ ባለቤቱ ሞዱን እስኪያጠፋው ድረስ ይዞት ይቆያል ብሎ ያምናል፤ ይህኛው መልስ የተነፈጉ ሰዎች እምነት ነው። ሁለቱም አልተሳካላቸውም፤ ሬዲዮው የተዘጋ ስልክ በስውርም ሆነ በግልጽ የሚቀበለው ነገር የለም፣ መልእክቱ ግን አብዛኛውን ጊዜ ሳይጠፋ በሌላ ሰው ቤት ተቀምጦ ይጠብቃል። ነገሩን ውስብስብ የሚያደርገው መልእክቶች ሁሉ የሚያርፉበት ቤት አንድ አለመሆኑ፣ የየቤቱም ባለቤት ትዕግሥትና ምላስ የተለያየ መሆኑ ነው።

ወደዚያ ከመገባቱ በፊት ስልክንና አውሮፕላንን ያጣላቸው ምን እንደሆነ መመልከት ይገባል። ብዙ ተሳፋሪ እገዳው አውሮፕላኑ እንዳይወድቅ ብቻ የተደነገገ ይመስለዋል፤ የአሜሪካ የፌዴራል ኮሙኒኬሽን ኮሚሽን እ.ኤ.አ. በ1991 በአየር ላይ የሞባይል ስልክ መጠቀምን ሲከለክል ግን ዋናው ስጋቱ መሬት ላይ ያለው ኔትወርክ ነበር። መሬት ላይ ያለ ስልክ የሚያገኘው በአቅራቢያው የተተከሉትን ጥቂት አንቴናዎች ሲሆን፣ 10 ኪሎ ሜትር ከፍታ ላይ በሰዓት 900 ኪሎ ሜትር ገደማ የሚጓዝ ስልክ ግን ተራራና ሕንፃ ስለማይከልለው እጅግ ብዙ አንቴናዎችን በአንድ ጊዜ ያገኛል፣ የሁሉንም ሥራ ያውካል። በአውሮፕላኑ በኩል ያለው ስጋት ደግሞ ታክሲ የተሳፈረ ሁሉ የሚያውቀው ነው፤ በሁለተኛው ትውልድ ኔትወርክ ዘመን ስልክ ሊጠራ ሲል የሾፌሩ ቴፕ «ጥዝ ጥዝ ጥዝዝ» እያለ ባለስልኩ ሳይሰማ ወሬውን አስቀድሞ ያወጣው ነበር። ምክንያቱም የዚያ ትውልድ ስልክ ሞገዱን በሰከንድ 217 ጊዜ ያህል እየቆራረጠ ስለሚልክ ቁርጥራጩ በአጠገቡ ባለ ድምፅ ማጉያ ውስጥ ገብቶ ይሰማል፤ ይህ ጥዝታ በማረፊያ ሰዓት ከመሬት ተቆጣጣሪዎች ጋር በሚነጋገር አብራሪ ጆሮ ውስጥ ቢገባ ደስ አያሰኘውም። ዘመኑ ሲለወጥ ሕጉም ላላ፤ የአሜሪካ የፌዴራል አቪዬሽን አስተዳደር እ.ኤ.አ. በ2013 መጨረሻ ኤርፕሌን ሞድ ላይ ያለ መሣሪያ ከመነሻ እስከ መድረሻ እንዲከፈት ሲፈቅድ፣ የአውሮፓ የአቪዬሽን ደኅንነት ኤጀንሲ በ2014 አየር መንገዱ አውሮፕላኑን ፈትሾ ካመነበት ሞዱን ማብራት እንኳ ግዴታ እንዳይሆን በር ከፈተ። በሰማይ ላይ ያለው ክልከላ እየሳሳ በሄደበት በዚሁ ጊዜ፣ ማንም ሳያዝዛቸው ምድር ላይ የሚበርሩት ሰዎች ቁጥር መብዛቱ የሚገርም ነው።

ሞዱ ሲበራ ስልኩ ዝም ብሎ አይጠፋም። ሬዲዮውን ከመዝጋቱ በፊት ለኔትወርኩ አጭር የስንብት ምልክት ይልካል፤ ኔትወርኩም በደንበኞች መዝገቡ፣ ማለትም እያንዳንዱ ሲም ካርድ በየትኛው አካባቢ እንዳለ በሚከታተልበት የመረጃ ቋት፣ በዚያ ቁጥር አጠገብ «የለም» ብሎ ይመዘግባል። ከዚያ በኋላ የሚደውል ሰው አንቴናዎቹ ምንም ሳይደክሙለት ወዲያውኑ ድምፅዋ ወደ ተቀረጸው ሴት ይተላለፋል። ባትሪው በድንገት የተነቀለ ወይም ገደል ሥር ገብቶ ሞገድ ያጣ ስልክ ግን ሳይሰናበት ስለሄደ ኔትወርኩ ለጊዜው አለ ብሎ ያምነዋል፤ ሲደወልለትም አንቴናዎቹ «አቤት» የሚል ድምፅ እስኪሰሙ ለጥቂት ሰከንዶች ይጠሩታል፣ ተስፋ የሚቆርጡትም ከዚያ በኋላ ነው። ስለዚህ «መንገድ ላይ ነበርኩ፣ ኔትወርክ የሚባል ነገር የለም» የሚል ባል፣ ሴትየዋ ወዲያው በመናገሯና ከጥቂት ዝምታ በኋላ በመናገሯ መካከል ልዩነት መኖሩን አስቀድሞ ቢያውቅ ይጠቅመው ነበር። ደግነቱ ይህን ልዩነት በቴክኒክ ረገድ የሚያውቁ ሚስቶች ብዙ አይደሉም፤ ባልን ለመጠርጠር ግን የቴክኒክ ዕውቀት ያስፈለጋቸው ጊዜ የለም።

ያቺ ድምፅዋ የተቀረጸ ሴት በአረጋውያን ዘንድ እንደ ሰው የምትቆጠር መሆኗም መታለፍ የለበትም። ልጃቸው ወደ ቤይሩት በምትበርርበት ሌሊት ከደሴ የሚደውሉ እናት ሴትየዋ ደንበኛዋን አሁን ማግኘት እንደማይቻል ስትነግራቸው በጥሞና አዳምጠው፣ «እሺ የኔ እመቤት፤ ስትመጣ እናትሽ ደውላ ነበር በይልኝ፣ ደርሻለሁ በይኝ ብላለች በያት» ይላሉ። ሴትየዋ ንግግሯን በእንግሊዝኛ ስትቀጥል ቅር እያላቸው ስልኩን ከጆሯቸው ያርቁታል። የልጅ ልጃቸው «እማማ፣ ማሽን እኮ ናት» ሲላቸው የሚመልሱት «ብትሆንስ፣ ከአንተ የበለጠ በትሕትና ትናገራለች» የሚል ነው። አነጋገሯን በተመለከተ እናቲቱ ልክ ናቸው፤ መልእክቱን በተመለከተ ግን ልጁ ልክ ነው፣ ምክንያቱም የሚቀበለው ያጣ ጥሪ እዚያው በሩ ላይ ያበቃል፣ የሚያስቀምጥለትም ቤት የለውም።

ከጥሪ ጋር አብሮ የሚሞት አንድ ሙሉ የመገናኛ ዘዴም አለ፤ እሱም ሚስኮል ነው። ሚስኮል ደዋዩ ሳይነሣበት በፊት ሆን ብሎ የሚዘጋው ጥሪ ሲሆን፣ ሒሳብ ስለማያስቆርጥ በኢትዮጵያ ቤተሰቦች መካከል የራሱ ሰዋስው እስኪኖረው ድረስ ዳብሯል። አንድ ጊዜ ጠርቶ ከተዘጋ «ደርሻለሁ»፣ ሁለት ጊዜ ከሆነ «ውጣ፣ በር ላይ ነኝ»፣ ደጋግሞ ከጠራ ደግሞ «ሒሳብ የለኝም፣ አንተ ደውል፣ ጉዳዩ ከባድ ነው» ተብሎ ይተረጎማል። ይህ ቋንቋ የሚኖረው በመጥሪያው ድምፅና በቁጥሩ ውስጥ ስለሆነ ኤርፕሌን ሞድ ላይ ያለ ስልክ አንዱንም ፊደል አይሰማም። አንዳንድ የቴሌኮም ኩባንያዎች «ሲደወልልዎ ነበር» የሚል የጽሑፍ ማሳወቂያ በኋላ ይልካሉ፤ ይሁን እንጂ ያ ማሳወቂያ ማን እንደደወለ ሲናገር በር ላይ የቆመው ሰው ዝናብ ይዝነብበት አይዝነብበት አይናገርም።

የጽሑፍ መልእክት ዕድል ከዚህ የተለየ ነው። ጥሪ ሁለት ሰዎች በአንድ ሰዓት እንዲገኙ ሲያስገድድ፣ በተለምዶ ሜሴጅ ወይም ቴክስት የሚባለው አጭር መልእክት ግን ከላኪው ስልክ ወጥቶ በቀጥታ ወደ ተቀባዩ አይሄድም፤ መጀመሪያ የሚያርፈው የቴሌኮም ኩባንያው በሚያስተዳድረው የአጭር መልእክት ማዕከል ነው። ማዕከሉ የሚሠራው የሰፈር ባለ ሱቅ የሚሠራውን ነው፤ «ልጁ ከትምህርት ቤት ሲመለስ ይህን ቁልፍ ስጥልኝ» ሲባል ይቀበላል፣ ከመደርደሪያው ጥግ ያስቀምጣል፣ በየመሃሉም አንገቱን ብቅ አድርጎ የልጁን መምጣት ያያል። ስልኩን ያጣው ማዕከል በደንበኞች መዝገቡ ላይ «የሚጠብቀው መልእክት አለ» የሚል ምልክት ያስቀምጣል፤ ሞዱ ጠፍቶ ስልኩ ዳግመኛ ሲመዘገብ መዝገቡ ለማዕከሉ ያሳውቀዋል፣ ማዕከሉም የያዘውን ሁሉ አከታትሎ ያወርዳል። ሞዱ በጠፋ በጥቂት ሰከንዶች ውስጥ ስልኩ ጠረጴዛ ላይ መንጫጫት የሚጀምረው በዚህ ምክንያት ነው።

ዋናው ነገር የባለ ሱቁ ትዕግሥት ነው። ይህን አሠራር የሚገዛው ዓለም አቀፍ መመዘኛ አንድ መልእክት እስከ 63 ሳምንት ድረስ እንዲጠበቅ ያስችላል፤ በዚህ ዕድሜ «ክርስትናው እሑድ ነው፣ እንዳትቀሩ» የተባለለት ሕፃን ቆሞ መሄድ ብቻ ሳይሆን ስልክ መጣልም ይጀምራል። ኩባንያዎቹ ግን መደርደሪያቸው እንዳይጣበብ አብዛኛውን ጊዜ ከጥቂት ቀናት በላይ አይታገሡም፤ ቀኑ ሲሞላ መልእክቱን ይሰርዙታል፣ ላኪውም አስቀድሞ የመድረስ ማረጋገጫ እንዲላክለት ካልጠየቀ ይህን የሚነግረው የለም። የፍልሰታን ሱባኤ ገዳም ገብቶ፣ ስልኩን ኤርፕሌን ሞድ ላይ አድርጎ ከከረመ በኋላ በነሐሴ አጋማሽ የሚመለስ ሰው ከመጨረሻዎቹ ቀናት በፊት የተላከለትን ሜሴጅ ላያገኝ የሚችለው በዚህ ምክንያት ነው። እሱ ማንም አላስታወሰኝም ብሎ ሲያዝን፣ ወዳጆቹ ደግሞ ከገዳም ከወጣ በኋላ እንኳ መልስ አልሰጠንም ብለው ያዝናሉ፤ ሁለቱም ወገኖች ለማዘን በቂ ምክንያት አላቸው።

መልእክት ልኮ መልስ ማጣት ከቴክኖሎጂው ጋር አብሮ የተወለደ ነው። በታሪክ የመጀመሪያው አጭር መልእክት የተላከው እ.ኤ.አ. ታኅሣሥ 3 ቀን 1992 በእንግሊዝ አገር ሲሆን፣ ላኪው ኒል ፓፕዎርዝ የተባለ ወጣት መሐንዲስ ከኮምፒውተሩ «መልካም ገና» የሚል ቃል ለቮዳፎን ኩባንያ ኃላፊ ለሪቻርድ ጃርቪስ ላከ። ጃርቪስ መልእክቱ ቢደርሰውም የያዘው ስልክ ሜሴጅ መላክ ስለማይችል መልስ አልሰጠም፤ «አይቶ ዝም አለኝ» የሚለው ቅሬታ ከዚያ ቀን ጀምሮ ሊቆጠር ይችላል። ኢትዮጵያ ሞባይል ስልክን ያወቀችው እ.ኤ.አ. በ1999 ሲሆን፣ ከ1997 ዓ.ም. ምርጫ በኋላ እስከ 2000 ዓ.ም. መባቻ ድረስ የአጭር መልእክት አገልግሎት በመላ አገሪቱ ተቋርጦ ስለነበር፣ በእነዚያ ሁለት ዓመታት ሕዝቡ በሙሉ የሞዱን ቁልፍ ማን እንደነካው ሳይጠየቅ ግማሽ በረራ ላይ ሰንብቷል።

በአማርኛ የሚጽፍ ሰው በላቲን ፊደል ከሚጽፈው የሚለይበት አንድ ችግርም አለ። አንድ አጭር መልእክት የሚሸከመው 140 ባይት ብቻ ነው፤ ባይት በኮምፒውተር ውስጥ የመረጃ መለኪያ ነው። በላቲን ፊደል ሲጻፍ ይህ 160 ሆሄያት ይሆናል፣ ልኩንም እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ የወሰነው ፍሪድሄልም ሂለብራንድ የተባለ ጀርመናዊ መሐንዲስ የሚመራው ቡድን ነበር። በግዕዝ ፊደል ሲጻፍ ግን እያንዳንዱ ሆሄ ሁለት ባይት ስለሚወስድ ቦታው ወደ 70 ይወርዳል። ቡድኑ 160 ሆሄያት ለአንድ ሐሳብ ይበቃሉ ብሎ ሲደመድም የሐበሻን ሰላምታ አላየም ነበር፤ «ጤና ይስጥልኝ እንደምን ሰነበታችሁ ልጆቹ ደህና ናቸው ወይ እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን» ተብሎ ሲጻፍ ክፍት ቦታዎቹ ጭምር ተቆጥረው 60 ስለሚሞላ፣ ለዋናው ጉዳይ የሚተርፉት 10 ሆሄያት ናቸው። ከ70 ያለፈ መልእክት ደግሞ እየተቆረጠ፣ ቁራጮቹን የሚገጣጥመው ምልክት ቦታ ስለሚወስድ በየቁራጩ 67 ሆሄያት እየያዘ፣ እያንዳንዱ ቁራጭ ለብቻው ይጓዛል። አዳዲሶቹ ስልኮች ቁራጮቹ ሁሉ እስኪሟሉ ታግሠው መልእክቱን ሙሉውን ያሳያሉ፤ አንዳንድ አሮጌ ስልኮች ግን እንደመጣላቸው ያወጡት ነበር። ሞዱን ያጠፋ ልጅ በመጀመሪያ «ሞቶ አደረ እንግዲህ ምን ይደረጋል ቻለው» የሚለውን አንብቦ ካለቀሰ በኋላ፣ የሞተው የጎረቤት በሬ መሆኑን የሚነግረው ቁራጭ ዘግይቶ የሚደርስበት ጊዜ ነበር።

የኢንተርኔት መልእክት መተግበሪያዎች፣ ማለትም እንደ ዋትሳፕና ቴሌግራም ያሉት፣ መልእክቱን የሚያስቀምጡት በቴሌኮም ኩባንያው ማዕከል ሳይሆን በራሳቸው ሰርቨር፣ ማለትም ከሩቅ ሆነው በሚያገለግሉ ኮምፒውተሮቻቸው ላይ ነው። ትዕግሥታቸውም ይለያያል፤ ዋትሳፕ ተቀባዩ ያልወሰደውን መልእክት 30 ቀን አቆይቶ ሲሰርዝ፣ ቴሌግራም ግን ተቀባዩ እስኪመጣ ያስቀምጠዋል። የበለጠ አሳሳቢው ልዩነት ያለው በምላሳቸው ላይ ነው። ዋትሳፕ ላይ አንድ ራይት መልእክቱ ሰርቨር መድረሱን፣ ሁለት ራይት ተቀባዩ ስልክ ውስጥ መግባቱን፣ እ.ኤ.አ. ከ2014 ጀምሮ የመጣው ሰማያዊ ራይት ደግሞ መነበቡን ያሳያል። በዚህ አሠራር ኤርፕሌን ሞድ ያበራ ሰው በላኪው ስልክ ላይ ለሰዓታት አንድ ራይት ሆኖ ስለሚቆም፣ መደበቁ ራሱ በማስረጃ የተደገፈ ይሆናል። ቴሌግራም ላይ ግን አንድ ራይት ሰርቨር መድረሱን፣ ሁለት ራይት መነበቡን ብቻ ስለሚናገር፣ ስልኩን የዘጋውና ስልኩ እጁ ላይ እያለ ያላነበበው ሰው አይለዩም። ቴሌግራም በኢትዮጵያ የተወደደበት ምክንያት ብዙ ቢሆንም፣ ይሉኝታ ላለው ሕዝብ ይህ ዝምታው ብቻ ሊያስመሰግነው ይገባል።

በግማሽ መብረርም ይቻላል። ሞዱ ከበራ በኋላ ዋይፋዩን ለብቻው መልሶ መክፈት ስለሚቻል፣ በእንዲህ ያለ ሁኔታ ያለ ስልክ የቴሌግራምና የዋትሳፕ መልእክት ሲቀበል ጥሪና ሜሴጅ ግን አይገባለትም፤ የቴሌኮም ኩባንያው በዋይፋይ መደወልን የሚፈቅድ ከሆነና ስልኩም ከተስተካከለ እነዚያም ሊገቡ ይችላሉ። በዚህ የተነሣ «ስልኬን ዘግቼው ነበር» የሚል ሰው ቢሮው ያለው ኮምፒውተር ላይ ቴሌግራሙን ከፍቶ እንደሄደ ቢያስታውስ መልካም ነው፤ ስልኩ እየበረረ ሳለ የሥራ ባልደረባው ማውሱን ስለነካው ብቻ ስሙ ሥር «ኦንላይን» የሚል ቃል ሊታይ ይችላል።

መልእክት የገንዘብ ምስክር በሆነበት በዚህ ዘመን ጉዳዩ ከሱቅ ባንኮኒ ላይም ደርሷል። አንዲት ወጣት ዘይትና ፓስታ ገዝታ ሒሳቡን በስልኳ ትልካለች፣ ባለ ሱቁም ዓይናቸውን ከስልካቸው አይነቅሉም።

«ጋሼ፣ ልኬያለሁ፣ ይኸው እዩት።»

«አያለሁ ልጄ፤ እኔ ጋ ግን ሜሴጁ አልገባም።»

«ብሩ እኮ ከኔ ላይ ተቆርጧል።»

«እሱማ ይቆረጣል፤ መግባቱ ነው እንጂ ችግሩ።»

ከኋላቸው ተራ የሚጠብቁት ሰዎች ስለ ኔትወርክ መበላሸት፣ ስለ አጭበርባሪዎችና ስለ ዘመኑ መክፋት ሰፋ ያለ ውይይት ካደረጉ በኋላ፣ የባለ ሱቁ የሰባት ዓመት ልጅ ጨዋታ ሲጫወት ማስታወቂያ እንዳይመጣበት ስልኩን ኤርፕሌን ሞድ ላይ አድርጎት እንደነበር ይታወቃል። ብሩ ወጣቷ በላከችበት ቅጽበት ሒሳባቸው ውስጥ ገብቷል፤ ያልደረሰው ወሬው ብቻ ነው። ባንኮች ለማረጋገጫ በሚልኩት የአንድ ጊዜ የይለፍ ቁጥር ላይ ግን ነገሩ የተገላቢጦሽ ነው፤ ቁጥሩ የሚያገለግለው ለጥቂት ደቂቃዎች ስለሆነ፣ ማዕከሉ በታማኝነት ጠብቆ ያደረሰው ቁጥር ሲደርስ ምንም አይከፍትም።

እውነተኛውን በረራ በተመለከተ፣ ከዋሽንግተን ተነሥቶ 13 ሰዓት ገደማ ከበረረ በኋላ ቦሌ ያረፈ አውሮፕላን ገና እየተንደረደረ ሳለ የሚሰማው የመልእክት ጩኸት ከጭብጨባውና ከእልልታው ይቀድማል። በአንዲት መንገደኛ ስልክ ላይ የሚወርደው ክምር ሲታይ ሦስት ዓይነት ነው። የመጀመሪያው «ደረስሽ ወይ?» የሚል ሲሆን፣ አውሮፕላኑ ከመነሣቱ በፊት የተላከ አንድ፣ ውቅያኖስ ላይ ሳለ የተላኩ ብዙ፣ ልታርፍ ስትል የተላከ ደግሞ አንድ «ለምን አትመልሺም?» ይገኝበታል። ሁለተኛው በቤተሰብ የቴሌግራም ግሩፕ ላይ የሚለጠፍ፣ አበባና ጸሎት ያለበት «እንደምን አደራችሁ» ነው። ሦስተኛው «እግረ መንገድሽን» ብሎ የሚጀምረው የዕቃ ትእዛዝ ሲሆን፣ ከሰባት ሰዓት በፊት በአትላንቲክ ላይ ተልኮ አሁን የደረሰ በመሆኑ መንገደኛዋን ያለ ኃጢአት ነፃ የሚያወጣት ይህ ብቻ ነው።

ስልኩ እየበረረ ሳለ ላኪው ሐሳቡን የለወጠ እንደሆነ የሚከተለው ውጤት እንደየቤቱ ይለያያል። ቴሌግራም ላይ በሁለት ሰዎች መካከል የተላከ መልእክት እ.ኤ.አ. ከ2019 ጀምሮ በማንኛውም ጊዜ ከሁለቱም ወገን ሊሰረዝ ስለሚችልና ምልክትም ስለማይተው፣ በሌሊት ተቆጥቶ የጻፈና ተቀባዩ ሞዱን ሳያጠፋ ሲነጋ የሰረዘ አማች ምንም እንዳልተናገረ ይቆጠራል። ዋትሳፕም መሰረዝን ይፈቅዳል፣ ነገር ግን በቦታው መልእክቱ መሰረዙን የሚያሳውቅ ጽሑፍ ስለሚተው፣ ተቀባዩ ምን ተብሎ እንደተሰደበ በራሱ ግምት እንዲሞላው ይገደዳል፤ የሰው ግምት ደግሞ ከስድቡ የከፋ መሆኑ የታወቀ ነው። አጭር መልእክትን በተመለከተ ግን ማዕከሉ የተረከበውን ለላኪው የመመለስ ግዴታ ስለሌለበት፣ ስድቡ ከወጣ ወጣ፤ ለላኪው የሚቀረው ሌላ ሜሴጅ ጽፎ ይቅርታ መጠየቅ ነው። እዚህ ላይ የ67 ሆሄያቱ ሕግ ሳይታሰብ ይክሳል። ስድብ ዝርዝር ስለሚያበዛ አራትና አምስት ቁራጭ ይሆናል፣ «ይቅርታ አድርግልኝ» ግን አንድ ቁራጭ ሳይሞላ ያልቃል። ስልኩም ረጅሙ መልእክት ቁራጮቹ እስኪሟሉለት ሲጠብቅ አጭሩን ወዲያው ሊያሳይ ስለሚችል፣ ሞዱን ያጠፋው ሰው አንዳንድ ጊዜ በመጀመሪያ ይቅርታውን አንብቦ «ምንም አይደል፣ ምን አጠፋህና» ብሎ ከመለሰ በኋላ ስድቡ ሙሉ ሆኖ ይገባለታል።